ጠያቂ የሌላት ሙሽራ

«ጅብ የማያውቁት አገር ሄዶ ቁርበት አንጥፉልኝ አለ» ይላሉ አባቶቻችን። ይህን ምሳሌ ብዙ ሰው የሚናገረው ባልተሰጠው ማዕረግ የሚኮራውን ሰው ለመዝለፍ ነው። ነገር ግን በውስጡ ከዘለፋ የጠለቀ ትምህርት አለ። ጅቡ በተወለደበት አገር ቢሆን ኖሮ ቁርበት አንጥፉልኝ ለማለት አፉን ባልከፈተም ነበር፤ ማን እንደ ሆነ፣ ሌሊት ወዴት እንደሚሄድ፣ የማንን አህያ እንደ በላ አገሩ ሁሉ ያውቃልና። እንዲህ ለመናገር የደፈረው የሚያውቀው ሰው ከሌለበት ስለ ደረሰ ነው። እንግዲህ በዚያ ቀን ለጅቡ ኃይል የሆነው ጥርሱ አይደለም፤ የአስተናጋጆቹ አለማወቅ ነው።

ይህን ምሳሌ ያነሣሁት ስለ አንድ ዓይነት ጋብቻ ለመናገር ብዬ ነው፤ ይኸውም በሩቅ አገር የሚኖር፣ ባለጸጋ ነው የተባለ፣ ነገር ግን ዘሩም ጠባዩም ያልታወቀ ሰው ስለ ማግባት ነው። በደሴም ሆነ በኮምቦልቻ ይህ ወሬ እንግዳ አይደለም። ፎቶግራፍ በስልክ ይመጣል፤ ቀጥሎ ወርቅ ይላካል፤ ቀጥሎ የአውሮፕላን ቲኬት ይደርሳል፤ ከዚያ በኋላ ልጂቱ ትሄዳለች። አንዳንዷ በደኅና ትኖራለች፤ የአንዳንዷ ድምፅ ግን ቀስ በቀስ ይጠፋል። በእነዚህ በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት ከምን የመጣ ነው ብሎ መጠየቅ ይገባል። ብዙ ሰው «ዕድል ነው» ይላል። ታሪክን የመረመረ ሰው ግን ሌላ መልስ ያገኛል፤ እሱም፦ ሙሽራዪቱን የሚጠብቃት የባሏ ደግነት ብቻ አይደለም፤ ደጇን አንኳኩቶ «ልጃችን እንዴት ናት?» ሊል የሚችል ወገን መኖሩ ነው።

ሻርል ፔሮ የተባለው ፈረንሳዊ ደራሲ በ1697 እ.ኤ.አ. ባሳተመው የተረት መጽሐፍ ውስጥ ስለ አንድ ጢሙ ሰማያዊ ስለ ሆነ ባለጸጋ ይተርካል። ሰውዬው በከተማም በገጠርም ያማረ ቤት፣ የወርቅና የብር ዕቃ ነበረው። ከዚያ በፊት ብዙ ሚስቶች አግብቶ ነበር፤ ወዴት እንደ ደረሱ ግን ማንም አያውቅም። አንዲት ወጣት በግብዣው ብዛትና በቤቱ ማማር ተማርካ አገባችው። ባልየው መንገድ ሲሄድ የቤቱን ቁልፍ ሁሉ ሰጣትና አንዲትን ትንሽ ክፍል ብቻ እንዳትከፍት ከለከላት። እሷም ከፍታ ስታይ የቀድሞ ሚስቶቹን ሬሳ አገኘች።

ይህን ተረት የሚያነብ ሰው ሁሉ የሚያስታውሰው ያችን ክፍልና ደም የነካውን ቁልፍ ነው። ዋናው ነገር ግን በመጨረሻው ላይ ያለው ነው። ባልየው ሊገድላት ሰይፍ ባነሣበት ሰዓት ከሞት ያዳኗት ሁለት ወንድሞቿ ናቸው፤ በዚያው ቀን ሊጠይቋት ቀጠሮ ነበራቸውና በፈረስ ጋልበው ደረሱ። ከእሷ በፊት የሞቱት ሴቶች ምን ዓይነት ወንድሞች እንደ ነበሯቸው ተረቱ አይነግረንም። ይሁን እንጂ በዚህች ሴትና በእነዚያ መካከል የምናየው ልዩነት ይኸው ብቻ ነው፤ ለእሷ በመንገድ ላይ ያለ ፈረሰኛ ነበራት።

የእኛም አባቶች ይህን ነገር ያለ ተረት መጽሐፍ ያውቁት ነበር። ሽማግሌ ተልኮ ልጅ ሲለመን በዚያው ቀን እሺ አይባልም፤ «እስቲ ከዘመድ እንማከር» ተብሎ ቀጠሮ ይሰጣል። በቀጠሮውም መካከል ዘር ይቆጠራል፤ በክርስቲያኑ ወገን እስከ ሰባት ቤት ድረስ ይቈጠር ነበር። ስለ ልጁ ሥራ፣ ስለ ቤተ ሰቡ ጠባይ፣ ስለ ዕዳቸው ሳይቀር ይጠየቃል። የሰማንያ ጋብቻ ውል ሲታሰር ዋስ ይጠራል። በወሎ ሙስሊሞች ዘንድም ኒካህ ሲታሰር የልጂቱ ወሊ ይቆማል፤ ምስክሮች ይቀመጣሉ፤ መህሩ በግልጥ ይነገራል። በደጋው አገር ደግሞ ሴት ልጅ ርስት ትወርስ ነበር፤ ካገባችም በኋላ ርስቷ የራሷ ነው፤ ብትፋታ የምትመለስበት መሬት አላት ማለት ነው።

ይህ ሁሉ ሥርዓት ለድግስ ማሳመሪያ የተደረገ አይደለም። ነገ ጠብ ቢነሣ ማን ማንን እንደሚጠይቅ ዛሬ ለመወሰን የተደረገ ነው። ባልየው ሚስቱን ሊመታ እጁን ሲያነሣ ከኮረብታው ማዶ ወንድሞቿ እንዳሉ፣ በገበያ ቀን ከዋሱ ጋር ፊት ለፊት እንደሚገናኝ ያስባል። ይህ ሐሳብ ክፉውን ሰው መልአክ አያደርገውም፤ ግን ብዙ ጊዜ እጁን ያስመልሰዋል።

ነገር ግን የአባቶችን ዘመን ስናመሰግን ጉድለቱን መሸሸግ አይገባንም። ሽማግሌው ስለ ሁሉ ነገር ሲጠይቅ ልጂቱን ራሷን ሳይጠይቅ የሚቀርበት ጊዜ ብዙ ነበር። ልጅነቷን ያልጨረሰች ልጅ ትዳር ነበር፤ ጠለፋም ነበር። በ1949 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ እንኳ ጠላፊው የጠለፋትን ሴት ካገባትና ጋብቻው ከጸና ከቅጣት እንዲያመልጥ መንገድ ትቶለት ነበር፤ ይህ መንገድ የተዘጋው በ1997 ዓ.ም. በሥራ ላይ በዋለው አዲሱ የወንጀል ሕግ ነው። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ለሴት ልጅ የጋብቻ ዕድሜ 15 ዓመት ነው ብሎ ነበር፤ በ1992 ዓ.ም. የወጣው የቤተ ሰብ ሕግ ግን ለሁለቱም 18 ዓመት አደረገው፤ የሁለቱ ተጋቢዎች ፈቃድም የግድ እንዲሆን አዘዘ። እንግዲህ መጠየቅ ሁለት ወገን አለው፤ አንደኛው ስለ ሙሽራው መጠየቅ ነው፤ ሁለተኛው ሙሽራዪቱን ራሷን መጠየቅ ነው። አንዱ ከጎደለ ሌላው ብቻውን አይበቃም።

ባለጸጋው ባዕድ ሁልጊዜ በሩቅ አገር አይገኝም፤ አንዳንድ ጊዜ እሱ ራሱ ወደ ደጃችን ይመጣል። በሚያዝያ 1928 ዓ.ም. የኢጣሊያ ጦር ደሴን ያዘ። ከዚያ በኋላ በኮምቦልቻ የሚያልፈው መንገድ ሲሠራ ወታደሩ፣ መኪና ነጂው፣ ነጋዴው በብዛት ገባ። ከእነዚህም አንዳንዶቹ ከአገሩ ሴቶች ጋር ቤት ይዘው መኖር ጀመሩ። ኢጣሊያኖች ይህን አኗኗር አስቀድሞ በኤርትራ ለምደውት ነበር፤ ሴቲቱንም «ማዳማ» ይሏት ነበር። በአገራችን ልማድ በደሞዝ የሚታሰር ጋብቻ ስለ ነበረ፣ ከሴቶቹ ብዙዎቹ ራሳቸውን እንደ ሚስት ቢቆጥሩ አያስደንቅም፤ ቤት ይጠብቃሉ፣ ምግብ ያዘጋጃሉ፣ ልጅ ይወልዳሉ።

የሰውዬው አገር ሕግ ግን ሚስት አላላቸውም። በሚያዝያ 1929 ዓ.ም. የፋሽስት መንግሥት አንድ ድንጋጌ አወጣ፤ ከቅኝ ተገዢዋ ሴት ጋር እንደ ባልና ሚስት የኖረ ኢጣሊያዊ ከ1 እስከ 5 ዓመት በሚደርስ እስራት ይቀጣል ተባለ። ይህ ሕግ የወጣው ሴቲቱን ከበደል ለመጠበቅ አልነበረም፤ «የዘራችን ክብር ይዋረዳል» ተብሎ ነው። በፍርድ ቤትም የወንጀሉ ምልክት ሆኖ የሚቆጠረው አብሮ መኖርና መዋደድ ነበር። አንባቢ ሆይ፣ ይህን ልብ ብለህ ተመልከት፤ ሰውዬው ሴቲቱን ለአንድ ሌሊት ቢያዋርዳት ይህ ሕግ አይነካውም፤ ቢወዳትና ከማዕዱ ቢያስቀምጣት ግን ይከሰሳል። በ1932 ዓ.ም. ደግሞ ሌላ ሕግ ተጨመረ፤ ኢጣሊያዊው አባት ከአገሩ ሴት የወለደውን ልጅ ልጄ ብሎ እንዳይቀበልና ስሙን እንዳይሰጠው ተከለከለ። ሴቲቱ ያገባችው አንድ ሰው ነው ብላ ነበር፤ ከሰውዬው ጀርባ ግን ያላየችው መንግሥት፣ ያላነበበችው ሕግ ቆሞ ነበር። ባዕድን የምታገባ ሴት የባዕዱንም ሕግ አብራ ታገባለች።

በገዛ አገሯ፣ በእናቷ ደጅ ያለችው ሴት ይህ ከደረሰባት፣ ከአገር የወጣችውስ? ለዚህ ከአንድ መቶ ሰማንያ ዓመት በላይ ያለፈው አንድ ታሪክ ምስክር ይሆነናል። በአሥራ ዘጠነኛው መቶ ዓመት ከደጋው ወደ ምጽዋና ወደ ታጁራ የሚወርዱት የሲራራ ነጋዴዎች ከሚያወርዱት ሸቀጥ አንዱ ሰው ነበር፤ ከሚሸጡትም ሰዎች አብዛኞቹ ልጆች፣ ይልቁንም ሴቶች ልጆች ነበሩ። በምዕራብ በኩልም ወደ ሱዳንና ወደ ግብፅ የሚወስድ መንገድ ነበር። በዚህ ዓይነት ከተሸጡት አንዲቱ የኦሮሞ ልጅ በ1837 እ.ኤ.አ. በዓባይ ወንዝ አገር ለአንድ የጀርመን መስፍን ተሸጠች። መስፍኑ ሄርማን ፎን ፑክለር ሙስካው ይባላል። ልጂቱን «መሕቡባ» አላት፤ በዓረብኛ የተወደደች ማለት ነው። ገና ልጅ ነበረች።

መስፍኑ ከእሷ ጋር ከግብፅና ከሱዳን ወደ ሶርያ፣ ከሶርያ ወደ ቱርክ አገር፣ ከዚያም በሀንጋሪ አድርጎ ወደ ቪየና ዞረ። የከበሩ ሰዎች ያዩአት ዘንድ ይመጡ ነበር። በ1840 እ.ኤ.አ. መጸው ላይ ሙስካው ከተባለው ርስቱ አደረሳት። ሙስካው በአትክልቱ ሥፍራ የታወቀ አገር ነው፤ ዛሬ ከፊሉ በጀርመን፣ ከፊሉ በፖላንድ ይገኛል፤ በ2004 እ.ኤ.አ. በዓለም ቅርስ መዝገብ ገብቷል። ልጂቱ ግን የአትክልቱን አበባ አንድ ዓመት እንኳ አላየችም። ሳንባዋ በነቀርሳ ተጎድቶ ነበርና ጥቅምት 27 ቀን 1840 እ.ኤ.አ. ሞተች። በሞተችበት ቀን የወደዳት ጌታ በአጠገቧ አልነበረም፤ በበርሊን ነበር። መቃብሯ እስከ ዛሬ በሙስካው አለ።

አሁን ደግሞ ይህ መስፍን ማን እንደ ነበረ እንጠይቅ፤ በዚያን ጊዜ ልጂቱም ሆነች ወገኖቿ ሊጠይቁ ያልቻሉትን እኛ እንጠይቅላት። ፑክለር በ1817 እ.ኤ.አ. ሉሲ የተባለችውን የፕሩስያን ጠቅላይ ሚኒስትር የሐርደንበርግን ልጅ አግብቶ ነበር። የአትክልቱ ሥፍራ ገንዘቡን በላውና ዕዳ ያዘው። ስለዚህ በ1826 እ.ኤ.አ. ከሚስቱ ጋር ተማክረው ተፋቱ፤ ለምን ቢባል፣ እሱ ወደ እንግሊዝ አገር ሄዶ ሀብታም ልጅ እንዲያገባና በእሷ ገንዘብ ዕዳው እንዲከፈል ነው! በእንግሊዝ አገር ወደ ሦስት ዓመት ያህል ፈለገ፤ እንግሊዞቹ ግን ነገሩን አወቁበት፤ አንዲትም ሳትዳርለት ተመለሰ። ከዚያ ሆኖ ለሉሲ የጻፋቸው ደብዳቤዎች ብቻ ታትመው ዝናና ገንዘብ አመጡለት። በ1845 እ.ኤ.አ. ደግሞ፣ ልጂቱ ከተቀበረች ከአምስት ዓመት በኋላ፣ ያን ስመ ጥር ርስት ስለ ዕዳው ሸጠው።

እንግዲህ ሁለቱን አስተያዩ። የእንግሊዝ ባለጸጎች ልጆች አባት፣ ጠበቃ፣ ጋዜጣ ነበራቸው፤ መስፍኑ በደጃቸው ቁርበት አንጥፉልኝ ሲል «ዕዳህ ስንት ነው?» ብለው ጠየቁትና አፈረ። ያች የኦሮሞ ልጅ ግን የሚጠይቅላት አንድ ሰው አልነበራትም፤ ስለዚህ ያው ሰው ለእሷ ጌታና የዕድሏ ወሳኝ ሆነ። ሰውዬው አንድ ነው፤ ሌላ ያደረገው የጠያቂ መኖርና አለመኖር ነው። ከሁሉ የሚያሳዝነው ደግሞ፣ ስለ እሷ የምናውቀው አብዛኛው ነገር እሱና ያዩአት አውሮፓውያን የተናገሩት መሆኑ ነው። ወዳው እንደ ሆነ፣ ፈርታው እንደ ሆነ፣ እናቷን በስንት ሌሊት እንዳሰበች በትክክል አናውቅም።

ከእሷ ጋር አስቴር ጋኖን ማነጻጸር ይቻላል። አስቴርም የኦሮሞ ልጅ ናት፤ እሷም በልጅነቷ ተይዛ ወደ ዓረብ አገር ልትሸጥ በመርከብ ተጭና ነበር። በ1886 እ.ኤ.አ. መርከቡን ኢጣሊያኖች ያዙትና ነጻ ወጣች፤ በምጽዋ አጠገብ እምኩሉ ወደሚገኘው የስዊድን ሚስዮን ትምህርት ቤትም ደረሰች። በዚያም ፊደል ቆጠረች። ከኦኔሲሞስ ነሲብ ጋር ሆና በ1894 እ.ኤ.አ. በኦሮምኛ የማንበቢያ መጽሐፍ አሳተመች፤ በ1899 እ.ኤ.አ. በታተመው የኦሮምኛ መጽሐፍ ቅዱስም ሥራዋ አለበት። በኋላም ወደ ወለጋ ተመልሳ አስተማረች። የሁለቱ ልጆች የመከራ መነሻ አንድ ነበር። ለአንዲቱ በመንገድ ላይ በር ተከፈተላትና በገዛ አፏ ተናገረች፤ ለሁለተኛዋ የተከፈተላት የቤተ መንግሥት በር ብቻ ነበር፤ የቤተ መንግሥት በር ደግሞ ከውጭ ሲያዩት ያምራል እንጂ ከውስጥ እንደ ሌላው በር ይቆለፋል።

ነገር ግን ባዕድ ሁሉ ጅብ ነው የሚል እንዳይኖር አንድ ሌላ ታሪክ እጨምራለሁ። በዚህ ታሪክ ሩቅ አገር ያለው ባለጸጋ የእኛው ሰው ነው። በ1924 ዓ.ም. ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ መልእክተኛ ሆነው ወደ ጃፓን ሲሄዱ ልጅ አርአያ አበበ አብሯቸው ነበር። ኋላም ልጅ አርአያ ጃፓናዊት ሊያገባ እንደሚፈልግ ተሰማ፤ በ1926 ዓ.ም. ከመሳፍንት ወገን የሆነችው ኩሮዳ ማሳኮ መታጨቷ በጋዜጣ ወጣ። ለጃፓን ሰው ኢትዮጵያ የት እንዳለች እንኳ በካርታ ፈልጎ የሚያገኛት አገር ነበረች፤ ልጅ አርአያም ለእነሱ ፍጹም ባዕድ ነበረ። ነገሩ ግን የተደረገው በብርሃን ነው፤ የልጂቱ ቤተ ሰብ ያውቃል፣ መንግሥት ያውቃል፣ ጋዜጣ ይጽፋል። ጋብቻው ሳይፈጸም ቀረ፤ የዓለም ፖለቲካም ገብቶበት ነበር። ቢፈርስም ግን ልጂቱ በባዕድ አገር ተጥላ አልቀረችም፤ በአባቷ አገር ነበረች። በአደባባይ የተጀመረ ነገር ቢፈርስ በአደባባይ ይፈርሳል፤ በስውር የተጀመረ ግን ሲፈርስም በስውር ነው፤ የሚሰማው የለም።

ይህ ሁሉ የድሮ ነገር ነው የሚል አንባቢ ቢኖር፣ ወደ ቅርቡ ዘመን እንምጣ። በ2000 እ.ኤ.አ. በአሜሪካ በዋሽንግተን ክፍለ ሀገር ከቂርጊዝስታን የመጣች አንዲት የ20 ዓመት ወጣት በባሏ ሴራ ተገደለች። የተገናኙት ሙሽሮችን ከሙሽሮች በሚያገናኝ ድርጅት ነው። ሰውዬው ከእሷም በፊት ሌላ ሚስት ከውጭ አገር አምጥቶ ፈትቶ ነበር። ፔሮ ከጻፈው ተረት ይህ ምን ያህል ይለያል? ዋሽንግተን ከዚህ በኋላ ሕግ አወጣ፤ የአሜሪካም ምክር ቤት በ2005 እ.ኤ.አ. አንድ ሕግ አጸደቀ፤ ይኸውም የውጭ አገር ሙሽራ የሚያመጣ ሰው የወንጀልና የቀድሞ ጋብቻ ታሪኩ አስቀድሞ ለሴቲቱ እንዲነገራት የሚያዝ ነው። ከዚያ ቀደም ብሎም በ1994 እ.ኤ.አ. በወጣው ሕግ፣ በባሏ የምትደበደብ ስደተኛ ሚስት የመኖሪያ ፈቃዷን ያለ እሱ በራሷ እንድትጠይቅ ተፈቅዶ ነበር። እጅግ የሠለጠነው አገር በሕግ መጽሐፍ የጻፈው፣ የእኛ ሽማግሌ «እስቲ ከዘመድ እንማከር» ሲል ያደርገው የነበረውን ነው። የጻፈው ግን ከቀብር በኋላ ነው።

አሁን ወደ አገራችን ልመለስ። ከኮምቦልቻ ተነሥቶ በባቲና በሚሌ አድርጎ ወደ ጅቡቲ የሚወርደው መንገድ ዛሬ የጭነት መኪና ይመላለስበታል። ብዙ የወሎ ወጣት ወደ ባሕር ማዶ የሚሄደው ወደዚያው ወደ ምሥራቅ ወርዶ ነው፤ ሌላው በአውሮፕላን ይሄዳል። ለምን ይሄዳሉ ብሎ የሚቆጣ ሰው አገሩን አያውቅም። ወሎ በ1965 እና በ1966 ዓ.ም. ተርቧል፤ በ1977 ዓ.ም. ዳግመኛ ተርቧል፤ በ2014 ዓ.ም. ጦርነት ደሴንና ኮምቦልቻን አዳርሶ የብዙ ሰው ሀብት ተዘርፏል። እናቷ ስትቸገር ያየች ልጅ ወርቅ የላከላትን ሰው ብታምን ክፋት የላትም። ጥፋቱ በመፈለጓ አይደለም፤ ሳይጠየቅላት በመሄዷ ነው።

ለቤት ሠራተኝነት የሄዱት እኅቶቻችን ያዩትን ሁላችን ሰምተናል። በብዙ የዓረብ አገር ሠራተኛዋ የምትኖርበት ፈቃድ በአሠሪዋ ስም ላይ የተንጠለጠለ ነው፤ ይህን «ከፋላ» ይሉታል። ፓስፖርቷን አሠሪው ከያዘው እግር እያላት መሄድ አትችልም። በ2006 ዓ.ም. ሳውዲ ዓረቢያ ከ160,000 በላይ ኢትዮጵያውያንን ስትመልስ፣ በዚያው ዓመት መንግሥታችን ለቤት ሥራ መሄድን ለጊዜው አግዶ ነበር። በ2008 ዓ.ም. የውጭ አገር ሥራ ስምሪት አዋጅ ወጣ፤ በ2012 ዓ.ም. ደግሞ የሰው መነገድን የሚከለክለው ሕግ ታደሰ። ስለዚህ በሕጋዊ መንገድ የምትሄድ ሠራተኛ ቢያንስ ውል አላት፤ ውሉን የሚያይላት መሥሪያ ቤት አለ።

በሚስትነት የምትሄደውስ? እሷን የሠራተኛ ሕግ አያያትም፤ እሷ «እመቤት» ናትና። ደመወዝ የላትም፤ የዕረፍት ቀን የላትም፤ የውል ማብቂያ የላትም። ብዙ ጊዜ የመኖሪያ ፈቃዷም የሚወጣው በባሏ ስም ነው። ሰውዬው ደግ ከሆነ ከሠራተኛዋ ይልቅ የከበረች ትሆናለች። ክፉ ከሆነ ግን ከሠራተኛዋ ይልቅ የተዘነጋች ትሆናለች፤ ምክንያቱም ሠራተኛ ስታለቅስ ሰው «ተበደለች» ይላል፤ ሚስት ስታለቅስ ግን «የባልና የሚስት ጉዳይ ነው» ብሎ ያልፋል። ወላጆቿም ቢሆኑ ድግሱን በልተው፣ ወርቁን ተቀብለው ነበርና ለመጠየቅ ያፍራሉ። ብዙ ልጅ የጠፋችው በዚህ እፍረት ነው።

ስለዚህ ወጣቶች ሆይ፣ እናንተም ወላጆች ሆይ፣ ሩቅ አገር አታግቡ አልላችሁም። ይህን ብላችሁ ሰሚ የለም፤ ደግሞም እውነት አይሆንም፤ በሩቅ አገር ተጋብተው በሰላም የሚኖሩ ብዙ ናቸውና። የምላችሁ ከወርቁ በፊት ሦስት ነገር ይጠየቅ ነው።

መጀመሪያ፣ ይህን ሰው በሚኖርበት አገር የሚያውቀው ማን ነው? እሱ የሰጠን ስልክ ሳይሆን፣ እኛው ፈልገን ያገኘነው የአገራችን ሰው ስለ እሱ ምን ይላል? ከዚህ በፊት አግብቶ ከሆነ ያች ሴት ዛሬ የት ናት? ሁለተኛ፣ የሚኖርበት አገር ሕግ ሚስቱን ምን ይላታል? ብትፋታ፣ ብትደበደብ፣ ብትወልድ መብቷ ምንድር ነው? ጋብቻው በማዘጋጃ ቤት ወይም በሚገባው መሥሪያ ቤት ተመዝግቧል ወይ? የምስክር ወረቀቱና የፓስፖርቱ ግልባጭ በእናቷ ሣጥን ውስጥ ተቀምጧል ወይ? ሦስተኛ፣ ከሄደች በኋላ ማን ይጠይቃታል? በየስንት ቀኑ? ባሏ በሌለበት ማነጋገር ይቻላል? የመመለሻ ገንዘብ በራሷ እጅ አለ? ከእነዚህ ሁሉ በፊት ደግሞ ልጂቱ ራሷ፣ ሰው በሌለበት፣ «ትፈልጊዋለሽ ወይ?» ተብላ ትጠየቅ፤ እንቢ ብትልም እንቢታዋ ይከበር።

«እንዲህ ብንጠይቀው ሰውዬው ይቀየማል» የሚል አይጠፋም። ይቀየም። መልካም ሰው ስለ ተጠየቀ አይቆጣም፤ እሱም ነገ ልጅ ወልዶ ይድራልና። ሀብቱ እውነት ከሆነ በጥያቄ አይቀንስም፤ ሐሰት ከሆነ ግን በጥያቄ ይገለጣል። በጥያቄ ምክንያት የሚቀር ጋብቻ የሚያስከትለው እፍረት የአንድ ወር ወሬ ነው፤ ሳይጠየቅ የተፈጸመ ክፉ ጋብቻ የሚያስከትለው ግን ዕድሜ ልክ ይቆያል።

ደግሞ እኅት ባሕር ማዶ ያገባችባችሁ ወንድሞች ብትኖሩ፣ ዛሬ ማታ ደውሉላት። ባሏ ደግ ሰው ከሆነ ደስ ይለዋል። ደግ ካልሆነም ለእኅቱ የሚደውል ሰው እንዳለ ይወቅ።